ፓሪስን በጀሶ የሠራው ስደተኛ፦ የላዛር ሜርሶን ጉዳይ

ካሜራው ከጣሪያዎቹ በላይ ይጀምራል። ጢስ ማውጫዎች ይታያሉ፣ የተንጋደዱ ክዳኖች፣ ከክዳኖቹ ሥር የተሸጎጡ ትንንሽ መስኮቶች። ከዚያ ቀስ እያለ ይወርዳል። ፎቆቹን አልፎ ጠባቡ መንገድ ላይ ሲደርስ አንድ ወጣት ሰው ሰብስቦ፣ የዘፈን ግጥም የታተመበት ወረቀት እየሸጠ፣ ገዢዎቹን ያዘፍናል። «ከፓሪስ ጣሪያዎች ሥር» የተሰኘው የረኔ ክሌር ፊልም በ1930 የተከፈተው በዚህ ትዕይንት ነው። ያን መንገድ ለማየት ፓሪስ ድረስ የሄደ ሰው ግን አያገኘውም። ቤቶቹ ከእንጨት፣ ከሸራና ከጀሶ ተሠርተው፣ ከከተማዋ በስተ ሰሜን ኤፒኔ በሚባል ስፍራ፣ በአንድ ስቱዲዮ ውስጥ የቆሙ ነበሩ። የሠራቸው ሰው ደግሞ ፓሪስ ከገባ አሥር ዓመት ያልሞላው፣ ከሩሲያ የተሰደደ ወጣት ነው።

ስሙ ላዛር ሜርሶን ይባላል። በ1900 በሩሲያ ግዛት ተወለደ፤ በ1938 ለንደን ላይ ሞተ። (ዓመታቱ በሙሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።) በሙያው የቆየው አሥራ አራት ዓመት ገደማ ብቻ ነው። በእነዚህ ዓመታት የፈረንሳይ ፊልም ከተቀባ ሸራ ወጥቶ፣ ሰው የሚኖርበት የሚመስል ከተማ ውስጥ ገባ። ለውጡን አንድ ሰው ብቻውን አመጣው ማለት ማጋነን ነው። ለውጡ እንዴት እንደመጣ በአንድ ሰው ሥራ ውስጥ ተከትሎ ማየት ለሚፈልግ ግን ከዚህ የተሻለ ጉዳይ አላውቅም። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ሌላ ነገር ነው፦ የራሱን ሀገር ያጣ ሰው ለሌላው ሀገር መልክ መስጠቱ፣ ባለሀገሮቹም መልኩን «የእኛው ነው» ብለው መቀበላቸው። «የሰው ወርቅ አያደምቅ» የሚለው የአባቶች አነጋገር እዚህ ላይ አልሠራም።

ስለ ሙያው ስም አንድ ነገር ልበል። በአማርኛ ገና አልረጋም፤ አንዱ አርት ዳይሬክተር ይለዋል፣ ሌላው ዲኮር ሠሪ። የሥነ ጽሑፍ ሰዎቻችን ግን «መቼ»ንና «የት»ን አጋብተው «መቼት» የሚል ቃል ሰጥተውናል። በልብ ወለድ ውስጥ መቼትን የሚሠራው ደራሲው ነው፤ ጥቂት ዓረፍተ ነገሮች ይበቁታል። በፊልም ላይ ግን «ጊዜው መሸትሸት ሲል፣ በአንድ ድሃ ሰፈር» ብሎ ማለፍ አይቻልም። የሰፈሩን በር የሚሰቅል፣ ግድግዳውን የሚያወይብ፣ የመብራት ምሰሶውን የሚተክል ሰው ያስፈልጋል። ሜርሶን መቼትን በምስማር የሚሠራ ሰው ነበር።

እሱ ወደ ሥራው ሲገባ ሙያው ልጅ አልነበረም። ጆርጅ ሜሊየስ ከፓሪስ አጠገብ ሞንትሩይ ውስጥ በመስታወት የተሸፈነ ስቱዲዮ ያሠራው በ1897 ነው። በዚያ ስቱዲዮ ጨረቃም ባሕርም ሸራ ላይ ይሣሉ ነበር። የዘመኑ ፊልም ቀይ ቀለምን ጥቁር አድርጎ ስለሚያወጣው፣ ሸራው በሙሉ በግራጫ ደረጃዎች ብቻ ይቀባ ነበር። ፓቴና ጎሞን የተባሉት ትልልቅ ኩባንያዎችም ለብዙ ዓመታት የተከተሉት ይህንኑ የቴአትር ልማድ ነው። ከኋላ የተቀባ ሸራ፣ ከጎንና ከጎን የቆሙ ግድግዳ መሰል ክፈፎች፣ ፊት ለፊት የተተከለ የማይንቀሳቀስ ካሜራ። ምድጃው ሥዕል ነው፤ መደርደሪያው ሥዕል ነው፤ አንዳንዴ መደርደሪያው ላይ ያለው ሰሃንም ሥዕል ነው። ካሜራው ቆሞ ሲያይ ይህ ያስኬዳል። ሁለት እርምጃ ወደ ፊት ሲራመድ ግን ምስጢሩ ሁሉ ይወጣል።

የሜርሶን ዕድል የተጀመረው ያው ሞንትሩይ ውስጥ ነው። ከአብዮቱ በኋላ ጆሴፍ ኤርሞሊዬቭ የተባለ የሩሲያ ፊልም ሠሪ ተዋናዮቹንና ባለሙያዎቹን ይዞ ከክራይሚያ በባሕር ወጣ፤ በ1920 ፓሪስ ደርሶም በሞንትሩይ የሚገኘውን የፓቴ አሮጌ የመስታወት ስቱዲዮ ያዘ። በ1922 ሥራው ወደ አሌክሳንደር ካሜንካ እጅ ተሸጋገረና ድርጅቱ አልባትሮስ ተባለ። ሩሲያውያኑ ከሀገራቸው ይዘው የመጡት አንድ ነገር ቢኖር ለዲኮር የነበራቸው አክብሮት ነው። ሎሻኮፍና ቢሊንስኪ የተባሉት የአልባትሮስ ሠዓሊዎች የምሥራቅ ቤተ መንግሥቶችንና የሕልም ዓለሞችን በድፍረት ይሠሩ ነበር። ሜርሶንም በጀርመን አድርጎ ፓሪስ ከገባ በኋላ የተቀላቀለው እነሱን ነው። ማርሴል ሌርቢዬ ለአልባትሮስ በሠራው አንድ ፊልም ላይም የብራዚላዊው አልቤርቶ ካቫልካንቲ ረዳት ሆነ። ስሙ ጎልቶ የወጣው ግን ዣክ ፌዴር የተባለው ቤልጂጋዊ ዳይሬክተር ወደ ስቱዲዮው ሲመጣ ነው።

በፌዴርና በሜርሶን መካከል የነበረው መግባባት የዚህ ጉዳይ ዋና ምሰሶ ስለሆነ፣ በመጀመሪያው ትልቅ ሥራቸው ላይ ትንሽ ልቆይ። ፊልሙ «ግሪቢሽ» ይባላል፤ የተቀረጸው በ1925፣ ለሕዝብ የቀረበው በ1926 ነው። ታሪኩ ቀላል ነው። አንድ የድሃ ልጅ አንዲት ሀብታም አሜሪካዊት ሴት የጣለችውን ቦርሳ ይመልስላታል። ሴትዮዋ በታማኝነቱ ተገርማ ላሳድገው ትላለች። ልጁ ለእናቱ እንዳይከብዳት ብሎ ይስማማል፤ ወደ ሴትዮዋ ቤትም ይገባል። ቤቱ ነው እንግዲህ ፊልሙን የሚሸከመው።

1925 በፓሪስ የዘመናዊ ጌጥ ጥበብ ታላቅ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን የተከፈተበት ዓመት ነው። ጥርት ያሉ መስመሮች፣ የሚያብረቀርቅ ወለል፣ ጌጥ የተራቆተ ግድግዳ የዘመኑ ወሬ ነበሩ። ሜርሶን የሀብታሟን ቤት የሠራው በዚህ አዲስ ስልት ነው፦ ሰፊ፣ ነጭ፣ ንጹሕ። ልጁ ጠረጴዛ ዘንድ ሲቀመጥ ያንሳል፣ ደረጃው ላይ ሲወጣ ያንሳል፣ አልጋው ውስጥ ሲተኛ ያንሳል። ቤቱ በደግነት ተሞልቷል፤ ሙቀት ግን የለውም። የእናቱ ቤት ደግሞ ጠባብ ነው፤ ዕቃው እርስ በርሱ ተደጋግፎ የቆመ፣ እጅ ሲዘረጋ ሁሉም ነገር የሚደረስበት። ተመልካቹ ልጁ ለምን እንደናፈቀ እንዲገባው ጽሑፍ አያስፈልገውም። ሁለቱን ክፍሎች ማየት ይበቃዋል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ተለውጧል። የአልባትሮስ ቀደምት ሠዓሊዎች ዲኮርን የሚያስደንቅ ነገር አድርገው ነበር የሚሠሩት፤ ተመልካቹ «እንዴት ያምራል!» እንዲል። ሜርሶንም ማስደነቅ አያቅተውም ነበር፤ ግን ቤቱ ከሰውየው በፊት እንዲናገር አልፈቀደም። ክፍሉን የሠራው ለባለቤቷ ጠባይና ለልጁ ስሜት ነው። የሙያ ሰዎች እንደሚመሰክሩት፣ ሸራና ወረቀት ብቻ በነበረበት ዓለም ብረት፣ መስታወት፣ ሲሚንቶና የዘይት ቀለም እያመጣ ይገነባ ነበር። ምክንያቱም ብርሃን እውነተኛ መስታወት ላይ ሲያርፍ እንደ መስታወት ይመለሳል፤ የተቀባ መስታወት ላይ ሲያርፍ ግን እንደ ቀለም ይመለሳል። ቀላል ነገር ይመስላል። የዚህ ሰው ሥራ ግማሹ እንዲህ ባሉ ቀላል ነገሮች የተሞላ ነው።

ከዚያ በኋላ ሥራው በፍጥነት ተከታተለ። በ1928 ከረኔ ክሌር ጋር «የጣሊያን ገለባ ባርኔጣ»ን ሠራ። መነሻው የ19ኛው መቶ ዘመን የመድረክ ኮሜዲ ነው፤ ክሌር ግን ጊዜውን ወደ 1895፣ ሲኒማ ወደ ተወለደበት ዓመት፣ አመጣው። የሜርሶን ክፍሎች በመጋረጃ፣ በዘርፍ፣ በትራስና በማያስፈልግ ዕቃ ታጭቀዋል። ሰዎቹ በገዛ ዕቃቸው ተሸብበዋል፤ ቀልዱም ከዚያ ይመነጫል። በዚያው ዓመት ለሌርቢዬ «ገንዘብ» ከአንድሬ ባርሳክ ጋር ሆኖ ካሜራ እንደ ልቡ የሚንሸራተትባቸውን ግዙፍ የባንክና የሀብታም አዳራሾች ሠራ። ለፌዴር «አዲሶቹ ጌቶች» ደግሞ የፈረንሳይን የሕዝብ እንደራሴዎች ምክር ቤት አዳራሽ በስቱዲዮ ውስጥ ገነባ። ይህኛው መዘዝ አመጣ። አዳራሹ እውነተኛውን በጣም ስለመሰለና በውስጡ የተቀመጡት እንደራሴዎች ስለተቀለደባቸው፣ ፊልሙ የምክር ቤቱን ክብር ይነካል ተብሎ ለጊዜው ታገደ። በ1929 ነው ለሕዝብ የቀረበው። ወንበሮቹ የምክር ቤቱን ባይመስሉ ኖሮ እንደራሴዎቹ ይህን ያህል ይቆጡ ነበር ወይ ብዬ አስባለሁ። ለዲኮር ሠሪ ከዚህ የበለጠ ምስጋና የለም።

መንገዱ

በ1929 ድምፅ መጣ፤ ድምፅም ሲኒማን ወደ ቤት አስገባው። የጀርመኑ ኩባንያ ቶቢስ የኤፒኔን ስቱዲዮ ለድምፅ ቀረጻ አዘጋጀ፤ ሜርሶንም የዚያ ስቱዲዮ ሰው ሆነ። የመጀመሪያዎቹ የድምፅ መሣሪያዎች ከባድና ቅብጥብጥ ነበሩ። ካሜራው ራሱ ስለሚጮኽ ታሽጎ ይቀመጣል። ከቤት ውጭ መቅረጽ ማለት የመኪናውን ጡሩንባ፣ የገበያውን ሁካታና የነፋሱን ፉጨት ከተዋናዩ ቃል ጋር አብሮ መቅዳት ማለት ነው። ስለዚህ መንገድ ያስፈለገው ፊልም ሠሪ መንገዱን ወደ ስቱዲዮ ማምጣት ነበረበት።

ብዙዎች ይህን እንደ እስር ቤት ቆጠሩት። ክሌርና ሜርሶን ግን ነፃነት አደረጉት። መንገዱን ራስህ ከሠራኸው ካሜራው የት እንደሚቆም ብቻ ሳይሆን የት እንደሚበርም አንተ ትወስናለህ። የቤቱ ፊት ከላይ እስከ ታች ለካሜራው መውጫና መውረጃ እንዲመች ተደርጎ ይሠራል። በ«ከፓሪስ ጣሪያዎች ሥር» ውስጥ አንድ ዘፈን ከፎቅ ወደ ፎቅ ሲተላለፍ፣ ካሜራውም በቤቱ ፊት ላይ እየተንቀሳቀሰ በየመስኮቱ የሚያንጎራጉሩትን ጎረቤቶች ያሳያል። እውነተኛ የፓሪስ ቤት ይህን አይፈቅድም።

ሌላ ብልሃትም አለ። ክሌር ንግግር የበዛበትን ፊልም አይወድም ነበር። ሰዎች በቡና ቤት የመስታወት በር ጀርባ ሆነው ሲያወሩ እናያለን፤ አንሰማቸውም። በሩ ሲከፈት ድምፁ ይወጣል፣ ሲዘጋ ይቋረጣል። በባቡር ሐዲድ አጠገብ በሌሊት ጠብ ሲነሣ መብራቱ ይጠፋል፣ የሚያልፈው ባቡር ጩኸቱን ይውጠዋል። አስተውሉ፤ በር፣ መስታወት፣ የመንገድ መብራት፣ የሐዲድ አጥር ሁሉም ዲኮር ናቸው። በዚህ ፊልም ውስጥ ዲኮሩ ምን መታየት እንዳለበት ብቻ ሳይሆን ምን መሰማት እንዳለበትም ይወስናል። ስለዚህ ዘመን የሚጽፉ ሰዎች ይህን ብልሃት ለክሌር ብቻ ሲሰጡት ቅር ይለኛል። በሩን የት እንደሚያቆም ያሰበ ሰው ነበር።

ፓሪስ መጀመሪያ ላይ ፊልሙን በቀዝቃዛ ስሜት ነው የተቀበለችው። በርሊን ላይ ሲታይ ግን ታላቅ ስኬት ሆነ፤ ከዚያ በኋላ ዓለም ሁሉ አየው። ለብዙ ባዕዳን «ፓሪስ» ማለት የተንጋደደ ጣሪያ፣ አኮርዲዮን፣ የማዕዘን ቡና ቤትና በመስኮት የተሰጣ ልብስ የሆነው ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ነው ቢባል ከእውነቱ አይርቅም። ያቺ ፓሪስ በመምረጥ የተሠራች ነበረች። ሜርሶን የእውነተኛውን ሰፈር እያንዳንዱን ድንጋይ አልገለበጠም። ከአንድ መቶ ነገር ሰባቱን መርጦ፣ ሰባቱን በቦታቸው አኑሮ፣ ዘጠና ሦስቱን ተመልካቹ ራሱ እንዲጨምር ተወለት። እዚያው ተወልዶ ያደገ ሰው የትኞቹ ሰባት እንደሆኑ ያያል ወይ? አላውቅም። በየቀኑ የምናልፍበትን በር ቀለም የምንረሳው ስለምናልፍበት ነው። አዲስ የመጣ ሰው ግን ቀለሙን ያያል።

ረዳቱም መጤ ነበር። አሌክሳንደር ትሮነር በ1906 ቡዳፔስት የተወለደ ሠዓሊ ነው፤ በ1929 ፓሪስ ገብቶ ብዙም ሳይቆይ ከሜርሶን ጋር ሥራ ጀመረ። የኦዴሳው ተወላጅ ጆርጅ ቫኬቪችም በዚያው የሥራ ክፍል አልፏል። እንግዲህ የፓሪስን ሰፈር ለፓሪስ ሰዎች የሚሠራው ቡድን ሩሲያኛና ሃንጋሪኛ የሚያስብ ነበር ማለት ነው።

በ1931 ሁለት ፊልሞች ወጡ። «ሚሊዮኑ» ውስጥ ሜርሶን በተዋናዮቹና ከኋላ ባለው ሥዕል መካከል ስስ ሻሽ ዘረጋ። ሰዎቹ ጥርት ብለው ሲታዩ ከተማው ግን እንደ ሕልም ደብዘዝ አለ። ለሙዚቃዊ ቀልድ የሚስማማ ነገር ነው፤ ወጪውም ጥቂት ሜትር ጨርቅ። «ነፃነት ለእኛ» ግን ከበድ ያለ ሥራ ነበር። ሁለት እስረኞች በእስር ቤት ረጅም ጠረጴዛ ላይ ተደርድረው የእንጨት ፈረስ አሻንጉሊት ይሠራሉ። አንደኛው አምልጦ የሸክላ ማጫወቻ ፋብሪካ ባለቤት ይሆናል። ፋብሪካው ሲከፈት ሠራተኞቹ በረጅም ጠረጴዛ ላይ ተደርድረው ዕቃ ይገጣጥማሉ። ያው አሰላለፍ፣ ያው ራቁት ግድግዳ፣ ያው ጠባቂ። ፊልሙ «ፋብሪካ እስር ቤት ነው» ብሎ በቃል መናገር አላስፈለገውም፤ ሜርሶን ሁለቱን በአንድ መስመር ነድፏቸዋል። ለአሜሪካው የአካዳሚ ሽልማት በዲኮር ዘርፍ ከታጩት ሦስት ፊልሞች አንዱ ሆነ። በኅዳር 1932 ሽልማቱን የወሰደው ሌላ ነው፤ ነገር ግን በባዕድ ቋንቋ የተሠራ ፊልም በዚህ ዘርፍ መታጨቱ ራሱ ያልተለመደ ነበር። ቆይቶ ቻርሊ ቻፕሊን በ1936 ባወጣው ፊልም የፋብሪካ ትዕይንቶች የተነሣ ቶቢስ ክስ መሠረተ። ክሌር በክሱ አልተባበረም፤ ነገሩም ከጦርነቱ በኋላ በስምምነት ተዘጋ።

በዚህ መሃል የተነሣ አንድ ቅሬታ አለ፤ ልንዘለው አይገባም። በ1933 ማርሴል ካርኔ የተባለ ወጣት ጋዜጠኛ፣ የፌዴር የዝግጅት ረዳትም የነበረ፣ ሲኒማ መቼ ነው ወደ መንገድ የሚወርደው የሚል ጽሑፍ አሳተመ። በስቱዲዮ የተሠራችው ፓሪስ የቱንም ያህል ብታምር እውነተኛዋ አይደለችም፤ ካሜራው ወጥቶ ተራውን ሕዝብ ይይ የሚል ነው ሐሳቡ። ትክክል ነበር። በዚያው ዓመት የወጣውን የክሌርንና የሜርሶንን «ሐምሌ 14» ስመለከት ቅሬታው ይገባኛል፦ ሰፈሩ ያምራል፣ ግን ማማሩ ራሱ ይሰለቻል። ከሰባቱ የተመረጡ ነገሮች ስኳር ብቻ የቀረ ይመስላል። ካርኔ ራሱ በኋላ ምን እንዳደረገ እንመለስበታለን።

ከተማው

በዚህ መሃል ወደ ሆሊውድ ሄዶ የነበረው ፌዴር ሲመለስ ሜርሶን ጠበቀው አልልም፤ ሁለቱም ሥራ ነበራቸው። ነገር ግን በ1934 እና በ1935 ሦስት ፊልሞች ተከታትለው ሠሩ። የመጨረሻው «ጀግናው የድግስ በዓል» ብለን ልንተረጉመው የምንችለው የ1935 ፊልም ነው፤ የሜርሶን ትልቁ ግንባታም እሱ ነው።

ዘመኑ 1616፣ ቦታው ቦም የምትባል፣ ዛሬ ቤልጂግ ውስጥ ያለች የፍላንደርስ ከተማ ናት። የስፔን ጦር ያድራል ተብሎ ሲሰማ ወንዶቹ ይደበቃሉ፣ ከንቲባውም የሞተ መስሎ ይተኛል። ሚስቱ ሴቶቹን አስተባብራ እንግዶቹን በድግስ ትቀበላለች። ሚስቱን የተጫወተችው የፌዴር ባለቤት ፍራንሷዝ ሮዜ ናት። ሜርሶን ለዚህ በኤፒኔ ቦይ ያለው፣ አደባባይ ያለው፣ የከንቲባ ቤትና የነጋዴ ቤቶች ያሉት ሙሉ ከተማ አቆመ። ሙሉ ስል በጥንቃቄ ነው። እንዲህ ያለ ከተማ ሲሠራ የተለመደ የሙያ ብልሃት አለ፦ ከካሜራው እየራቁ የሚሄዱት ቤቶች ቀስ በቀስ እያነሱ ይሠራሉ፣ ወለሉ ጥቂት ከፍ ይላል፣ ከሩቅ የሚያልፈው ሰው አጭር ወይም ሕፃን ይሆናል። ዓይን ሃምሳ ሜትሩን ሁለት መቶ አድርጎ ያነበዋል።

ለመልኩ የሄዱት ወደ ፍላንደርስና ወደ ሆላንድ ሠዓሊዎች ነው፤ ወደ ብሩገል፣ ወደ ፍራንስ ሃልስ፣ ወደ ፒተር ደ ሆኽ። በፊልሙ ታሪክ ውስጥም አንድ ወጣት ብሩገል አለ። አደጋው ግልጽ ነበር፦ ፊልሙ የሙዚየም ጉብኝት ሊሆን ይችል ነበር። ያልሆነው ሜርሶን ከሥዕሎቹ የወሰደው አቀማመጡን ስላልነበረ ይመስለኛል። የወሰደው አኗኗሩን ነው፤ በአንድ በር በኩል ሌላ ክፍል፣ በዚያም በር በኩል ግቢ፣ ከግቢው ወዲያ መንገድ የሚታይበትን። አንዲት ሴት ከጓዳ ወጥታ እስከ አደባባይ ስትሄድ ካሜራው ይከተላታል፤ ከተማው ሳይቋረጥ ይከፈትላታል። ጦር ሲቃረብ ወንዶቹ የሚደበቁበት ማዕዘን፣ ሴቶቹ የሚመካከሩበት አዳራሽ፣ እንግዶቹ የሚገቡበት በር ሁሉ በአንድ ካርታ ላይ ናቸው። ተመልካቹ ፊልሙን አይቶ ሲወጣ ከተማውን መንገር ይችላል።

በዚያው ዲኮር ላይ ለጀርመን ተመልካች በጀርመንኛ ሌላ ቅጂ ጎን ለጎን ተቀርጿል፤ ለቶቢስ እንዲህ ያለ አሠራር የተለመደ ነበር። ፌዴር በ1936 በቬኒስ የምርጥ ዳይሬክተርነት ሽልማት አገኘ። ቤልጂግ ውስጥ ግን ቁጣ ተነሣ፤ የፍላንደርስ ወንዶች ፈሪ ሆነው መታየታቸው ብዙዎችን አስቀየመ። ፌዴር ራሱ ቤልጂጋዊ መሆኑ አላዳነውም። ዲኮሩን ያማ ሰው ግን አልሰማሁም።

ከዚያ ለንደን። አሌክሳንደር ኮርዳ፣ እሱም ሃንጋሪያዊ ስደተኛ፣ ደንሃም ላይ ግዙፍ ስቱዲዮ አቁሞ ከየሀገሩ ባለሙያ ይሰበስብ ነበር። ሜርሶን በ1936 የሼክስፒርን «እንደወደዳችሁት» በፊልም ሲሠራ ጫካ እንዲሠራ ታዘዘ። ጫካው አልተሳካለትም፤ በግ እንኳ ቢሄድበት ስቱዲዮ ነው። ከተማ መምረጥ ይቻላል፣ ዛፍን ግን መምረጥ ብዙ አይጠቅምም። የ1937ቱ የንግሥት ኤልሣቤጥ ዘመን ፊልም ላይ ደግሞ ወደ ጥንካሬው ተመለሰ፤ ቁመት ያላቸው አዳራሾች፣ ትላልቅ ጥላዎች።

በዚያው ዓመት ፌዴር ለንደን መጥቶ «ጥሩር የሌለው ፈረሰኛ»ን ሠራ፤ ማርሌን ዲትሪክና ሮበርት ዶናት የተጫወቱበት ነው። ታሪኩ የሩሲያ አብዮት ነው። ሜርሶን ከዚያ አብዮት በኋላ ሀገሩን ለቆ የወጣ ሰው ሆኖ፣ ያንኑ ሀገር ከለንደን ውጭ ባለ ሜዳ ላይ መልሶ ገነባው። የመኳንንቱን ቤት፣ ጫካውን፣ የተበላሸውን የባቡር ጣቢያ። በፊልሙ ውስጥ አእምሮውን የሳተ አንድ የጣቢያ ኃላፊ አለ፤ ሐዲዱ ባዶ ሆኖ ሳለ የማይመጣ ባቡር መድረሱን ያውጃል። ሠሪው ያን ጣቢያ ሲነድፍ ምን እንዳሰበ መገመት አልፈልግም። ለእኔ ግን ከሁሉም ሥራው ባዶነት የሚሰማበት ስፍራ ያ ነው። ጣቢያው ሰባት ነገሮች እንኳ የሉትም።

በ1938 የአሜሪካው ኪንግ ቪዶር በእንግሊዝ «ምሽጉ»ን ሲያዘጋጅ፣ ስለ አንድ ሐኪምና ስለ ዌልስ የከሰል ማዕድን ከተማ የሚተርክ ፊልም፣ ዲኮሩ ለሜርሶን ተሰጠ። አልጨረሰውም። በማጅራት ገትር ታምሞ ለንደን ላይ ሞተ፤ ዕድሜው 38 አካባቢ ነበር። ሥራውን ጀርመናዊው አልፍሬድ ዩንግ ተረክቦ ፈጸመ።

ባለቤቱ ሜሪ ሜርሶን ፓሪስ ቀረች። በኋላም የፈረንሳይ ሲኒማቴክን፣ ማለትም የፊልም ቤተ መዛግብቱን፣ ከመሠረቱት አንዱ የሆነው የኦንሪ ላንግሏ የሕይወትና የሥራ አጋር ሆና፣ አሮጌ ፊልሞችን ከጥፋት በማዳን ሥራ ላይ ዕድሜዋን ሁሉ አሳለፈች። የባሏም ንድፎች ከጠፉት ሳይሆን ከተጠበቁት ወገን ሆነዋል። ዲኮር ከቀረጻው በኋላ ይፈርሳል፤ እንጨቱ ለሌላ ፊልም ይውላል፤ ንድፉ ካልተጠበቀ የሚቀረው ፊልሙ ላይ ያለው ብቻ ነው።

የቀረው ነገር በትሮነር እጅ ነበር። ረዳትነቱን ትቶ በራሱ ሲቆም አብሮት የሠራው ዳይሬክተር ማን ነው? ያው ካርኔ፣ ሲኒማው ወደ መንገድ ይውረድ ብሎ የጻፈው። ካርኔ ካሜራውን መንገድ ላይ አላወጣውም። ሜርሶን በሞተበት ዓመት በ1938 «የሰሜን ሆቴል»ን ሊሠራ ሲነሣ፣ ትሮነር የሴንት ማርቲንን ቦይ፣ ድልድዩንና የሆቴሉን ፊት ከነሰፈሩ በቢያንኩር ስቱዲዮ ግቢ ውስጥ አቆመለት። ከዓመታት በኋላ ሆሊውድ ውስጥ በ1960ው የቢሊ ዋይልደር ፊልም ማለቂያ የሌለው የሚመስል የቢሮ አዳራሽ ሲሠራም፣ ወደ ኋላ በሄደ ቁጥር ጠረጴዛዎቹን እያሳነሰ፣ መጨረሻ ረድፍ ላይ ትንንሽ ሰዎችን አስቀመጠ። ለዚያ ሥራ ኦስካር ተሸልሟል።

እውነተኛው የሰሜን ሆቴል በቦዩ ዳር አሁንም አለ። ፊልሙ አልተቀረጸበትም። ሆኖም በ1989 የሕንፃው ፊት በታሪካዊ ቅርስነት ተመዘገበ፤ ለዚያ ያበቃውም ትሮነር በእንጨትና በጀሶ የሠራው አምሳያው ያተረፈለት ዝና ነው።